የቻይና አተር በሁዳዴ

ደምስዬ፣

እንደምን ከርመሃል ብዬ ልጀምር አሰብኩና እጄ ቆመ። አንተን እንዲህ ብሎ መጠየቅ ይቻላል? ከተለየኸኝ ይህ ሁለተኛው ሁዳዴ ነው። ስጽፍ አይተኸኝ አታውቅም። ፊደል የቆጠርኩት ካንተ በኋላ ነው፤ መሠረተ ትምህርት ሲመጣ ቀበሌው እየጎተተ አስገባኝ፣ እኔም ቀስ በቀስ ወደድኩት። መጀመሪያ የጻፍኩት ስምህን ነው። ከዚያ በኋላ ምን እንደምጽፍ ጠፋኝ። ዛሬ ግን የምነግርህ ነገር አለ።

የጋሸናው ካምፕ ፈርሷል። ቻይናዎቹ መንገዳቸውን እየዘረጉ ፍላቂትን አልፈው ሄደዋል። አንተ ታበስልበት ከነበረው ወጥ ቤት የቀረው በጭስ የጠቆረው ምድጃ ብቻ ነው ይላሉ። ሄጄ አላየሁም። የይለፍ ወረቀት ይጠየቃል፣ ግን ምክንያቴ እሱ አይደለም። አንተን የያዘው የቀለብ መኪና የተገለበጠበት ጠመዝማዛ በመንገዴ ላይ ነው።

ቤቱ እንዳለ ነው። ዘይት የምናገኘው ከቀበሌው ሱቅ ተሰልፈን ነው። ሰው በየቤቱ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ያወራል፤ ደጅ የሚያልፍ ኮቴ ሲሰማ ደግሞ ጭራሽ ዝም ይላል። እኔን የሚያስፈራኝ ግን የደጁ ድምፅ አይደለም። ከአባትህ ቤት ጋር የሚያዋስነን ግድግዳ ነው።

ታውቀው የለ፣ ጭቃው ስስ ነው። አባትህ መሪጌታ ሲያስሉ ይሰማኛል። ጎህ ሲቀድ ጸሎታቸውን ያደርሱና የሞቱትን ቤተሰቦቻቸውን በክርስትና ስማቸው እየጠሩ ነፍስ ይማር ይላሉ። እናታቸውን። ሁለቱን ወንድሞቻቸውን። እናትህን። በልጅነቷ የሞተችውን እህትህን። እዚያ ላይ ያቆማሉ። ከዚያ መቋሚያቸውን ሲያነሱ እሰማለሁ። ከቀብርህ ማግስት ጀምሮ ጆሮዬን ግድግዳው ላይ ለጥፌ የጠበቅሁት አንድ ስም ነበር፣ የክርስትና ስምህ። ወልደ ማርያም። አልመጣም።

ለምን እንደማይመጣ አንተም እኔም እናውቃለን። ያን ዓመት በሁዳዴ አጋማሽ ከካምፑ ስትመጣ የቻይናውን አተር በጣሳ፣ ሎሚውን በኪስህ ይዘህ ነበር። ወጥ ቤት አብሮህ የሚያበስለው ሽማግሌ ቻይና ያስተማረህን ልታበላኝ። ዶፉ ነው የሚባለው፣ ከአተር የሚረጋ አልከኝ። እኔ ቃሉ ራሱ አሳቀኝ። ቀይ በቀይ አድርገህ ሠርተኸው፣ ነጩ በቁራጭ በቁራጭ በበርበሬው መሀል ብቅ ብቅ እያለ፣ አባትህ በር ላይ ደረሱ። እንኳን ደህና መጡ አልካቸውና እጅ ማስታጠቢያውን አነሳህ። እሳቸው ሳህኑን አዩ። «አይብ? በሁዳዴ?» አሉ። አተር ነው አባቴ አልካቸው፣ እየሳቅህ። የሳቅኸው ደስ ብሎህ ነበር፤ እሳቸው ግን በእሳቸው የሳቅህ መሰላቸው። «አተር ጡት አወጣ በለኛ! ከቻይና ጋር ውለህ ቻይና ሆንህ!» ብለው በመጡበት ተመለሱ። አንተ የውሃውን ጣሳ እንደያዝህ ቀረህ። ፋሲካ ሲደርስ ይታረቁኛል አልከኝ። ለፋሲካ አልደረስህም።

ልጄ ጾም እንደገደፈ ሞተ ብለው ነው የተቀመጡት። ለሰው አላወሩም። ይህ ይብስብኛል። ቢያወሩ እከራከር ነበር። ስምን መዝለልን ግን በምን ይከራከሩታል?

የአተሩ ጣሳ ከሞትክ ጀምሮ ምሰሶው ላይ ተንጠልጥሎ ነበር። ሳወርደው ለአንድ ጊዜ ብቻ የሚበቃ አተር ቀርቷል። ልዝራው? ይህ ብርድ ያበቅለዋል? ከመሬት ጋር ልወራረድ? ስንት ቀን እንዲህ ሳወጣ ሳወርድ ከረምኩ። ሳልነግራቸው ሠርቼ፣ ሽሮ ነው ብዬ ላጉርሳቸው የሚል ሐሳብም መጥቶብኝ ነበር። ዓይናቸው ደክሟል፤ አይለዩትም ነበር። ግን ያ ለአንተ ምን ይጠቅምሃል? አውቀው ካልበሉት ያው ጾም እንደገደፍክ ነህ።

ስለዚህ ሄጄ፣ አባ፣ የቻይናውን አተር ልሠራ ነው፣ መጥተው ከመጀመሪያው ይዩልኝ አልኳቸው። «ለምን?» አሉኝ። ሁለተኛ የምሠራበት ስለሌለኝ አልኳቸው። በማግስቱ ከቅዳሴ በፊት መጥተው ደፍ ላይ ተቀመጡ፣ መቋሚያቸውን ጉልበታቸው ላይ አጋድመው። ወደ ውስጥ ይግቡ ብላቸው እምቢ አሉ።

ሲነከር ያደረውን አተር በእንቅብ አድርጌ አቀረብኩላቸው። በጣታቸው አገላበጡት። ወፍጮው ላይ ስፈጨው ተመለከቱ። በውሃ በጥብጬ በነጠላዬ ስጨምቀው፣ ነጩ እየተንጠባጠበ ጎላው ውስጥ ሲወርድ፣ «ታለበች» አሉ። ቀልድ ይሁን ንዴት አላወቅሁም። ሳቄን ዋጥኩት፤ ባለፈው ሳቅ ያደረሰብንን አውቃለሁ።

አፈላሁት። እንዳያር እያማሰልኩ። ከዚያ ሎሚው። ደምስዬ፣ የፈራሁት እዚህ ላይ ነው። ሎሚው ጠብ ሲል ነጩ ይቆራረጣል፣ ውሃው ይለያል፣ እዚያ ጎላ ውስጥ የሚታየው ቁርጥ አይብ ነው። ሌላ ምንም አይደለም። እኔ ራሴ ከመጀመሪያው ባልሠራው አይብ ነው ብዬ እምል ነበር። መቋሚያው ሲንቀሳቀስ ሰማሁ። ሄዱ አልኩ በልቤ። ዞር ለማለት አቅም አጣሁ። ማማሰያውን እንደያዝኩ ቀረሁ።

አልሄዱም። አጠገቤ ቆመው ጎላውን ጎንበስ ብለው ያያሉ። ከዚያ ነጠላው ላይ የቀረውን አሰር በመዳፋቸው ዘገኑት። አሹት። አሸተቱት። መልሰው አስቀመጡትና እጃቸውን ጋቢያቸው ላይ ጠረጉ።

አጥልዬ፣ በነጠላ ጠቅልዬ፣ ድንጋይ ጭኜ እስኪጠብቅ እሳቸው ቅዳሴ ሄደው ተመለሱ። የቀረው ቶሎ የሚያልቅ ነው። ትዝ ይልሃል፣ በእኔ ወጥ ስትቀልድ? ያንቺ ሽንኩርት እስኪቀላ ቻይና በልቶ፣ ሳህኑን አጥቦ፣ ግማሽ ኪሎ ሜትር መንገድ ሠርቶ ይገባል ትለኝ ነበር። እንዳሳየኸኝ አደረግሁ። ዘይቱ እስኪጨስ። ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል፣ ወዲያው በርበሬ፣ ሳያር ውሃ ጠብ፣ ነጩን ቆራርጦ መጨመር፣ እንዳይፈርስ ብረት ምጣዱን መነቅነቅ እንጂ አለማማሰል። የጎደለኝ ያ ምላስ የሚያደነዝዘው ቅመም ነው፣ ሽማግሌው በወረቀት ጠቅልሎ የሚሰጥህ። እሱ ካንተ ጋር አለቀ።

አንዲት ቁራጭ ቀምሼ ሳህኑ ላይ ሳወጣው እጃቸውን ዘረጉ። «አምጪው» አሉ። እንጀራውንም ሳህኑንም ይዘው፣ በጋቢያቸው ሸፍነው ወጡ። የት እንደሚሄዱ አልነገሩኝም። ገደል ሊደፉት ነው፣ ለውሻ ሊሰጡት ነው፣ ለሌሎቹ ካህናት አሳይተው ሊፈርዱብህ ነው፤ የማላስበው ነገር አልነበረም። ነጠላዬ እንደረጠበ ለብሼ ተከተልኳቸው።

የሄዱት ወደ ቤተ ክርስቲያኑ በር ነው፣ ነዳያን ወደሚቀመጡበት። ጋቢውን ገለጡ። ሳህኑን ድንጋዩ ላይ አስቀምጠው «ስለ ወልደ ማርያም ነፍስ» አሉ። ጮክ ብለው። የሚገባ የሚወጣው ሰው ሁሉ እየሰማ። እኔ አጥሩ ጥግ ሆኜ ሰማሁ።

ማንም እጁን አልዘረጋም። ያቺ ሁልጊዜ በሩ ላይ የምትቀመጠው አሮጊት መነኩሲት፣ ምላሷን ታውቀዋለህ፣ ሳህኑን አየችና «ኧረ መሪጌታ! ዓይንዎ እንዲህ ደክሟል? አይብ እኮ ነው ያመጡልን! ሁዳዴ ወጣ እንዴ?» አለቻቸው። ሰው ሳቀ። አንድ ቄስ ቆም ብሎ ያያቸው ጀመር። በዚህ እድሜያቸው፣ ደቀ መዛሙርታቸው ፊት። ሳህኑን አንስተው ይመለሳሉ ብዬ ጠበቅሁ።

እንደቆሙ በእንጀራ ጠቅልለው ጎረሱ። አስበው፣ መንገድ ላይ ቆመው፣ እሳቸው! በርበሬው ትን አላቸው፤ ሳሉ፣ ዓይናቸውን ጠረጉ። ሁለተኛ ጎረሱ። ከዚያ ለመነኩሲቷ እየዘረጉ «አተር ነው፣ ብዪ። ልጄ የሠራው ነው» አሏት።

ልጄ የሠራው ነው። እኔ ነኝ የሠራሁት፣ ደምስዬ። ግን አንተ ነህ።

አመሻሹ ላይ ሳህኑን ይዘው መጡ። ራሳቸው አጥበውታል። በር ላይ ቆሙና መሬት መሬቱን እያዩ «የእሱም እንዲህ ይል ነበር?» አሉኝ። የልጃቸውን እጅ ቀምሰው አያውቁም። ያን ቀን ቢቀምሱ ኖሮ እኔን ባልጠየቁኝ። አዎ አባ፣ እንዲሁ ነበር አልኳቸው። ራሳቸውን ነቅንቀው ወደ ቤታቸው ገቡ።

እኔ ግን እርግጠኛ አይደለሁም። ይህን ለሌላ ለማን እነግራለሁ? የአንተ ለስላሳ ነበር መሰለኝ። ወይስ ጠንከር ያለ? ምላሴን የሚያደነዝዘው ያ ቅመም አፌ ውስጥ እንዴት እንደነበር ላስታውስ ስሞክር የሚመጣልኝ የትናንቱ ነው፣ የእኔው። የሠራሁት ያንተን ሸፈነብኝ። ለእሳቸው ባሳይ ለእኔ ጠፋ ይሆን እያልኩ ተኛሁ፣ ተኛሁ ከተባለ።

ጎህ ሲቀድ ግድግዳው ጋ ነበርኩ። እናታቸው። ወንድሞቻቸው። እናትህ። እህትህ። ከዚያ ዝምታ፣ መቋሚያው የሚነሳበት። አልተነሳም። ወልደ ማርያም አሉ፣ ዝቅ አድርገው፣ ገና ቃሉን እንደሚለማመድ ሰው።

እሳቸው ስምህን ይይዙልሃል። እኔ የእጅህን እይዝልሃለሁ፣ አተሩ ባይኖርም። ማታ መንከር። መፍጨት። በነጠላ መጭመቅ። እያማሰሉ ማፍላት። ሎሚውን ጠብ ማድረግና፣ ቢያስፈራም፣ መጠበቅ።

ያንተው፣
ዘነቡ