ላሚን የያዘልን ስሞች

ታዴ፣

ከተለየኸን ሁለት ዓመት አለፈ። እኔ ደህና ነኝ፣ ያው እዚሁ ሰው አገር፣ ኦሮራ ከተማ ነኝ። ጃኬትህን ለብሩክ ሰጠሁት፤ ልክክ አለበት። ልጃችን አባት ሆኗል። ሕፃኑ ወንድ ነው፣ ናሆም አልነው፤ ግንባሩ ቁርጥ አንተን።

ሚስቱ እርጉዝ ሳለች ብሩክ የአባቶችህን ስም ጠየቀኝ። እኔ ከአባትህ ከደምሴና ከአያትህ ከገብረየስ ወዲያ አላውቅም። አገር ቤት ደወልኩ፤ እህትህ ታማለች፣ ሁሉንም ረስታለች፣ ሌላ የሚጠየቅ ሽማግሌ የለም። ሐረጋችሁ እዚህ ላይ ተቆረጠ ብዬ አለቀስኩ።

ለክርስትናው ላሚንን ጠራሁት፣ ዳውንታውን ፓርኪንግ አብሮህ ይሠራ የነበረውን ጋምቢያዊ። ሙስሊም ነውና ሥጋችንን ይብላ አይብላ ስለማላውቅ ሽሮ ለይቼ አስቀመጥኩለት። ኮራ የሚሉትን ባለ ብዙ አውታር ዕቃውን ይዞ መጣ። ቤተሰቡ ከአባት ወደ ልጅ አወዳሽ ዘፋኞች መሆናቸውን ነግረኸኝ ነበር፤ በአገራቸው የሰው ዘርና ሥራ የሚቀመጠው በእነሱ አፍ ነው አልከኝ። መኪና እስኪመጣ ድረስ ስለ አያቶችህ እንደሚጠይቅህ ስታወራኝ ግን ሥራ የፈታችሁ መስሎኝ እስቅ ነበር።

ሕፃኑን አይቶ፣ "የታደሰ አባቶች እኔ ጋ ናቸው" አለ። ከዚያ ተቀምጦ ዘፈነ። ደምሴን ጠራ። በክፉ ቀን ጎተራውን ለጎረቤት የከፈተውን ገብረየስን ጠራ። ቀጥሎ እኔ የማላውቃቸውን፣ ወልደሚካኤልን፣ ሁለት ደመኞችን ያስታረቀውን ጓንጉልን እያለ እስከ ሰባት ቤት ቆጠረ። ጓንጉል በእሱ አፍ "ጉዋንጉሊ" ሆነ፤ ማንም አልሳቀም። ብሩክ ልጁን እንዳቀፈ፣ "እማ፣ እነዚህ ሁሉ የኛ ናቸው?" አለኝ። በአዎንታ ራሴን ነቀነቅኩ።

ላሚን በመጨረሻ ናሆምን ከሐረጉ ጫፍ ላይ አስገባው። ከዚያ ወደ እኔ ዞሮ፣ "ያንቺስ አባቶች?" አለኝ። ታዴ፣ በዕድሜዬ ይህን የጠየቀኝ ሰው የለም። ኩሽናው በር ላይ ቆሜ እስከማውቀው ቆጠርኩለት፤ እነሱንም ካንተዎቹ ጎን አድርጎ አወደሳቸው።

አሁን ብሩክ እሑድ እሑድ ላሚን ቤት እየሄደ ስሞቹን ያጠናል። እኔም ሽንኩርት ስከትፍ እደጋግማቸዋለሁ፤ አንዳንዴ ይቀያየሩብኛል፣ መልሼ እጀምራለሁ። ናሆም አፉን ሲፈታ ከአባቱ ቀጥሎ ያንተን ስም አስተምረዋለሁ። እስከዚያው እኔ እጠራሃለሁ።

ሚስትህ አልማዝ