የኮች ሬይ የመጨረሻ ጨዋታ

ሰኞ፣ ከሰዓት
ልምምድ በዝናብ። ዋና አሠልጣኛችን ኮች ሬይ ያንኑ አሰላለፍ ደጋግሞ ይጠራል። ተጫዋቾቹ ቆመው ያዩታል። ከዚያ እኔን ማርከስ አለኝ። ማርከስ ከእኔ በፊት የነበረው ረዳት አሠልጣኝ ነው፤ ከለቀቀ ቆይቷል። አንዱ ሳቀ። በዓይኔ ዝም አሰኘሁት።
ማስታወሻዬ፣ ሰውየው እየጠፋብን ነው። በወጣትነቱ በጭንቅላቱ እየተላተመ የተጫወተ ሰው። ኮሌጅ እያለሁ ያሠለጠነኝ እሱ፤ ስጨርስ የቀጠረኝም እሱ። የሐበሻ ልጅ ስለ አሜሪካ ፉትቦል ምን ያውቃል ሲሉት አልሰማም።

ረቡዕ፣ ከምሳ በኋላ
የኮሌጁ የስፖርት ኃላፊ መሀል ከተማ፣ ሚድታውን፣ ምሳ ጋበዘችኝ። ዙሪያ ጥምጥም የለም። ቅዳሜ የሬይ የመጨረሻ ጨዋታ ነው። ከሰኞ ጀምሮ ዋና አሠልጣኙ እኔ። እስከዚያ ትንፍሽ እንዳልል፤ ለእሱ ከጨዋታው በኋላ እነሱ ይነግሩታል።
ላስብበት አልኳት። ምግቡን አልነካሁትም። ከልጅነቴ ጀምሮ የተመኘሁት ሥራ! ደስታው የት ሄደ?

ሐሙስ፣ ጠዋት
የሬይ ሚስት ግሎሪያ እሱን አድርሳ ስትመለስ ፓርኪንግ ውስጥ አገኘኋት። አሁን የምትነዳው እሷ ናት። በቀደም ሃይዌይ ላይ መውጫው፣ ኤግዚቱ፣ ጠፍቶበት፣ ከከተማ ወጣ ብሎ ኖርክሮስ አንድ ነዳጅ ማደያ ውስጥ አገኘችው። ሞተሩን ሳያጠፋ፣ እያለቀሰ። ሐኪሙም የመርሳት በሽታ ነው ብሏቸዋል። የዘንድሮውን የውድድር ሲዝን ይጨርስ ብላ ነው የደበቀችው። ራሱን የሚሆነው ሜዳ ላይ ብቻ ነው አለች።
የማውቀውን አልነገርኳትም። ፈሪ።

ዓርብ
ማሪዬታ፣ አባዬ ጋ። ጨዋታው እስከ ዛሬ አይገባውም። ሁሉንም ነገርኩት። ቴሌቪዥኑን አጠፋ።
«ሰውየው ልጄን ሰው አድርገውልኛል። ከሌላ ሰው አፍ እንዳይሰሙት» አለኝ።

ቅዳሜ፣ ጠዋት
ለሬይ ነገርኩት። ስታዲየሙ ባዶ። ቤንች ላይ፣ ጎን ለጎን። ማን ይተካኛል አለ። እኔን ጠይቀውኛል አልኩት። እጄን ያዘ።
«ሥራውን ያዘው። ልጆቹን ለማያውቃቸው ሰው አትስጥብኝ። ዛሬ ግን ሜዳው የኔ ነው።»
እኔ አለቀስኩ። እሱ አላለቀሰም። ቀለል አለኝ።

ቅዳሜ፣ ከጨዋታው በኋላ
ተሸነፍን። እሱ ግን አንድም የአሰላለፍ ጥሪ አልተሳሳተም። እንደ ድሮው።
ከዚያ ኃላፊዋ ቢሮው ገባች። እኔም እዚያው ነኝ። ነገረችው። ፊቱ አመድ መሰለ። መጀመሪያ እንዳልነገርኩት የሚያስመስል መሰለኝ። አይደለም። የጠዋቱ ከአእምሮው ጠፍቷል። ቤንቹም፣ እጄን መያዙም፣ ሁሉም።
ወደ እኔ ዞረ። «አንተ ታውቅ ነበር?»
ምን ልበል? ጠዋት ነግሬሃለሁ ብል፣ እሷ ፊት ሕመሙን ማጋለጥ ነው።
«አውቅ ነበር» አልኩ።
ኮፍያውን አንሥቶ ወጣ። ሳያየኝ።

እሑድ
ስልክ አያነሳም። ግሎሪያ ቴክስት አደረገች፦ ቁርስ አልበላም፤ ከዳኝ፣ ከዳኝ ይላል። የጠዋቱን ረሳ፤ ይሄን አልረሳም።
ሥራውን እይዛለሁ። ያዘው ብሎኛል። እሱ ባያስታውሰውም እኔ ሰምቻለሁ።
አሁን ወደ ቤቱ ልሄድ ነው። በሩን ከከፈተልኝ ከመጀመሪያው ጀምሬ እነግረዋለሁ። ነገ ከረሳው፣ ነገም።