በሦስት ቀን ያላደገው ጠጉር

ኦሃዮ፣ ዲሴምበር 11 ቀን 1908

ለውድ ወንድሜ ለሎዌል፣

የፓናማ ሙቀትና የቦዩ ቁፋሮ እንዴት ይዞሃል? እኔም፣ እማማም፣ ታናሽ ወንድማችን ዌንዴልም እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን፤ ናፍቆትህ ብቻ ነው የበረታብን።

ኮሌጃችሁ ዘንድሮ ከሰባት የኳስ ግጥሚያ አምስቱን አሸነፈ። ዌንዴል ያንተን አሮጌ ሹራብ ለብሶ ኳሷን በብብቱ ሸጉጦ ሲሮጥ አንተን ያየሁ መሰለኝ። ጭንቅላቱ ላይ የሚደርሰውን ግጭት እንዲያበርድለት ጠጉሩን እንዳንተው ከበጋ ጀምሮ አሳድጎ ነበር። እማማም «ደግሞ ሌላ አንበሳ መጣብኝ» ስትል ከረመች። በምስጋና በዓል ግጥሚያ አምስት ሰዎች ላዩ ላይ ወደቁበትና ጭንቅላቱ ከመሬት ተጋጨ፤ ትንሽ ቆይቶ ብድግ አለና እስከ መጨረሻው ተጫወተ።

በማግስቱ፣ የዓመቱ ግጥሚያ ስላለቀ፣ እንደ ልማዳችሁ ቡድኑ በሙሉ ጠጉር ቆራጩ ሚስተር ክራም ዘንድ ሄዶ ጠጉሩን ተላጨ። ዌንዴል ሰኞም ሊላጭ ተመልሶ ሄደ። ረቡዕም ሄደ። ሚስተር ክራም «አሁንስ ቆዳህን ልግፈፍልህ?» ብሎ ሲስቅበት አብሮት ሳቀ።

ዛሬ ጠዋት የመጫወቻ ጫማውን አስሮ በረዶው ላይ ቆሞ አገኘሁት።

«የምስጋና በዓል ግጥሚያ እንዳያመልጠኝ ብዬ ነው» አለኝ።

«አንተ ቀልደኛ» አልኩት። የበዓሉን የቱርክ ዶሮ ከበላን ሁለት ሳምንታችን ነው።

አንተ ትጫወትበት የነበረውን ጊዜ ግን አንዲት አይስትም፤ በዚያ በጭቃ በተጫወታችሁበት ቀን ኳሷን ማን እንዳቀበለህ እንኳ ይነግረኛል። እባክህ ለገና ፈቃድ ጠይቀህ ና፤ ያንን ዘመን እያነሳችሁ ትጫወታላችሁ።

እማማ አገላብጣ ትስምሃለች። ዌንዴልም ሰላም በይልኝ ብሏል። ይህን እየጻፍኩ ሦስት ጊዜ ነገረኝ።

እህትህ ሄስተር