ጨጓራ ያልተባልንበት ዓመት

እሁድ፣ ሴፕቴምበር 14

ጨጓራውን አጠብኩ፣ በሎሚና በጨው አሸሁ፣ ገና በማለዳ ጓሮ ጣድኩት። ከነጭ ባቄላና ከቋሊማ ጋር። ገና መፍላት ሲጀምር ኦሊንቶ ከግንቡ ወዲያ ጮኸ።

«አንተ ጨጓራ! እዛ ምን ሞተ?»

«የናንተ በረኛ!»

«የኛማ በረኛ ድሮ ነው የሞተ፤ ይሄ አዲስ ሬሳ ነው!»

ሠላሳ ዓመት ጎረቤቴ ነው፣ የተቀናቃኛችን የኮሜርሲዮ ክለብ ደጋፊ። የኔ ክለብ ሳልጋ ሲጫወት ድስቱ ይጣዳል፣ እሱ ይሳደባል፣ እኔ እመልሳለሁ፣ ሚስቶቻችን መስኮት ይዘጋሉ።

ድስቱን ተሸክሜ መልበሻ ክፍል ገባሁ። አዲሱ ተከላካይ አንድ ሳህን በላ። ቆሞ፣ እንደ ደንቡ። ዓይኑ እንባ አቀረረ። ጨጓራ ያልበላ የሳልጋን ማልያ አይለብስም። ከዛ ሁለት ለዜሮ ተሸነፍን። ዝናብ ነበር… ዝናብ ባይኖርም ያው ነው።

ሴፕቴምበር 22

ጁራንዲር ሉካንዳዬ መጣ። የእህቴ ባል፣ የክለባችን ፕሬዚዳንት። ሙሪሎ የሚባል የሳኦ ፓውሎ ሰው አስከትሏል። ነጭ ጫማ። ሉካንዳ ውስጥ ነጭ ጫማ! የሙሪሎ ኩባንያ ክለቡን ሊገዛ ነው። ስታዲየሙን ያድሳል፣ ተጫዋች ያመጣል። ጥሩ ነው አልኩ። እውነቴን ነው፤ ጣሪያው ያፈሳል።

ሙሪሎ የተሰቀለውን ጨጓራ አይቶ ፊቱን አዞረ።

«ሴኞር ነሬው፣ ያ ሰዎች የሚሏችሁ ነገር ግን… እሱን ትንሽ ማለስለስ ይኖርብናል።»

«የቱን?»

«እንትን የሚሏችሁን።»

«ጨጓራ?»

«አዎ፣ እሱን።»

ቃሉን ከአፉ ማውጣት አልቻለም።

ሴፕቴምበር 23

ማለስለስ! ግማሽ ቀን ቀቅለኸውም መልሶ የሚያኝክህን ነገር?

ኦክቶበር 5

አባላቱ ተሰብስበን ፊልም አሳዩን። አዲሱ ስም «ፓምፓ» ነው፣ የግጦሽ ሜዳ ማለት። በቃ፣ ፓምፓ። አርማው ላይ የነበሩት ቢላዋና መንጠቆ ወጥተዋል። በምትካቸው የበሬ ራስ፤ ታጥቦ የተበጠረ፣ ፎቶ ሊነሳ የተቀመጠ ይመስላል።

ፊልሙ ውስጥ አንድ ለስላሳ ድምፅ «ክለቡን የመሠረቱት ጀግኖች ከብት አርቢዎች ናቸው» አለ። ፈረስ ጋለበ። ፀሐይ ጠለቀች።

ከብት አርቢዎች! የከብት አርቢ ልጆች እኮ ኮሜርሲዮ ነበር የሚጫወቱት። ሳልጋን የመሠረቱት የቋንጣ ፋብሪካው ሰዎች ናቸው። ጨው የሚነሰንሱ፣ አንጀት የሚያጥቡ። ግማሾቹ ከባርነት የወጡ ሰዎች ልጆች። አያቴ አንዱ ነው። በመጀመሪያው ጨዋታ የኮሜርሲዮ ሰዎች አፍንጫቸውን በመሀረብ ይዘው «ጨጓራ! ጨጓራ!» አሏቸው። በሚቀጥለው እሁድ የኛዎቹ የበሬ ጨጓራ እንጨት ላይ ሰቅለው እየዘፈኑ ሜዳ ገቡ። ስድቡ ከዛ ቀን ጀምሮ የኛ ሆነ። እዚህ ከተማ ይሄን የማያውቅ ሕፃን የለም። ፊልሙን የሠራው ሰው አልጠየቀም? ጠይቋል። ጁራንዲር ነው የነገረው። ሰምቶ ነው የተወው።

ተነሳሁ።

«ጨጓራ ካልሆንን ምንድን ነን?»

«ነሬው፣ ቁጭ በል እስቲ» አለ ጁራንዲር።

ሙሪሎ ደግሞ «ጥናት አስጠንተናል፣ ሴኞር። ሰው ይጸየፈዋል።»

«እኛ ደግሞ እናንተን።»

ጥቂቶች ሳቁ። ጥቂቶች ብቻ።

ኖቬምበር 8 ድምፅ እንሰጣለን። ስሙና አርማው ይቀየር ወይስ ይቅር።

ኦክቶበር 19

እህቴ ደወለች። ባሌን በሰው ፊት አዋረድከው አለች።

«ክለቡን ይግዙት፣ ስሙን ይተውልን።»

«ስሙ ካልተቀየረ አንገዛም እያሉ እኮ ነው፣ ነሬው! ምን ይሁንልህ?»

የሚጸየፉትን ነገር ለምን ይገዛሉ? የሚፈልጉት ዲቪዚዮኑ ውስጥ ያለንን ቦታ ነው። አውቶቡስ ላይ እንደተያዘ ወንበር። ተነሱልን ነው ነገሩ።

ቅዳሜ፣ ኖቬምበር 8

ከድምፁ በፊት ጥብስ ነበር። ስብ የጠገበ የጎድን ሥጋ፣ ለሁሉም አባል። ሥጋውን ጁራንዲር ከኔ ነው የገዛው፤ ለልደት ነው ብሎኝ። የስብሰባው ግቢ ስደርስ ጎድኖቼን እሳት ላይ አገኘኋቸው። ያንጠባጥባሉ።

«አማቼ፣ የማን ልደት ነው?»

«የክለቡ» አለኝ፣ ሳያፍር።

ከዛ «የምትደግፉ እጅ አውጡ» ተባለ። ሰዉ እየዋጠ እጁን አወጣ። በስብ የሚያብለጨልጭ እጅ፣ አዳራሽ ሙሉ። ከአባቴ ጋር የጨጓራውን እንጨት ይሸከሙ የነበሩት ሽማግሌዎች ሳይቀሩ። የተቃወምነው አንድ ቡድን እንኳ አንሞላም።

እኔም በልቻለሁ። ጥሩ ሥጋ ነበር፤ የመረጥኩት ራሴ ነኝ። ከሁሉ የሚያስጠላኝ እሱ ነው።

ጃንዩወሪ 18

የፓምፓ የመጀመሪያ ጨዋታ። ለምን ድስት ይዤ ሄድኩ? እግሬ ነው የወሰደኝ። መልበሻ ክፍሉ በር ላይ የቆመው ዘበኛ አላሳልፍም አለ። የምግብ ባለሙያ የምትባል ሴት መጣች፣ ክዳኑን ከፈተች፣ ቶሎ ከደነች። ታሌስ የሚሉት አዲሱ አጥቂ ብቅ አለ።

«አጎቴ፣ ምንድነው እንዲህ የሚሸተው?»

«ክለብህ።»

«ኧረ ባክህ!»

ሳቀና ተመለሰ። ክፉ ልጅ አይደለም። ማንም የነገረው የለም።

ሦስት ለዜሮ አሸነፉ። ሁለቱን ታሌስ አገባ። ከጎኔ የተቀመጠው ሰው ዘሎ አቀፈኝ፤ እኔ ድስቱ እንዳይደፋ ያዝኩ። ማሸነፍ እንዲህ ያስጠላል? ጣሪያው አያፈስም። እሱንም ልጻፈው።

ድስቱን ለውሾች ደፋሁት።

ፌብሩዋሪ 3

ዛሬ ጠዋት ኦሊንቶ «እንደምን አደሩ፣ ሴኞር ነሬው» አለ። ዞር ብዬ ከኋላዬ አየሁ። ሌላ ሰው የለም።

ፌብሩዋሪ 5

ደገመው። አላስችል አለኝ።

«ምን ሆነሃል አንተ?»

«ምን ሆንኩ?»

«ሴኞር ብሎ አንቱታ ምን አመጣው?»

«እና ምን ልበልህ? ጨጓራ? ጨጓራማ ሸጣችሁት። አሁን የኩባንያ ደንበኛ ነህ። ደንበኛ ደግሞ አይሰደብም።»

«እኔ እጄን አላወጣሁም!»

«ጥብሱን ግን በላህ።»

ትንሽ ከተማ… ማን ምን እንደዋጠ ሳይቀር ይታወቃል። ግንቡን ሁለት ሜትር ባስረዝመው?

እሁድ፣ ማርች 1

ከኮሜርሲዮ ጋር ደርቢ ነበር፣ ረፋዱ ላይ። አልሄድም ብዬ ሄድኩ። በር ላይ የፕላስቲክ ማጨብጨቢያ ሰጡኝ።

ከኮሜርሲዮ ደጋፊዎች የሚለየን አጥር ብቻ ነው። ቡድናችን ሲገባ ሁሉም ባንድ ጊዜ አፍንጫቸውን ይይዛሉ። ከአያቴ ዘመን ጀምሮ። አጥሩ ጋ ቆሜ ጠበቅሁ። የፓምፓ ልጆች ገቡ። አንድም እጅ ወደ አፍንጫ አልሄደም። አንድ ሽማግሌ ብቻ «ጨጓራ!» ብሎ ጀመረ። ከጎኑ ያለው ወጣት ትከሻውን ያዘው።

«ተው አባባ፣ እነዚህ እኮ እነሱ አይደሉም።»

ሽማግሌው አተኩሮ አየን፣ ቁጭ አለ።

በእረፍት ሰዓት ወጣሁ። ማጨብጨቢያውን ቆሻሻ ውስጥ ወረወርኩ። ሉካንዳውን ከፍቼ ጨጓራ አወጣሁ፣ ቤት ወስጄ ጓሮ ጣድኩ። የሚበላው ተጫዋች የለም። ጣድኩት እንጂ ለማን እንደሆነ አላውቅም።

አመሻሹ ላይ ሽታው ግቢውን ሞላው። ኦሊንቶ ከተመለሰ ቆይቷል፤ ጓሮው ውስጥ ሲንጎዳጎድ እሰማለሁ። ሳለ። ከዛ…

«እዛ ምን ሞተ?»

ሠላሳ ዓመት መልስ ጠፍቶኝ አያውቅም። በረኛ፣ አሠልጣኝ፣ አማት፣ ሁሉንም ገድዬለታለሁ። ዛሬ ድስቱን አማሰልኩ።

«አንተን እኮ ነው! ምን ሞተ?»

«የኔው ክለብ።»

ቆይቶ በግንቡ አናት ሳህን ብቅ አለ፣ ከሳህኑ በታች የኦሊንቶ እጅ። በሠላሳ ዓመት አንድ ቀን ቀምሶ አያውቅም። ጨለፍኩለት። ሳጥን ነገር አምጥቶ ወጣበትና ፊት ለፊቴ በላ፣ በሌላ እጁ አፍንጫውን ይዞ። ብዙ አኘከ። መዋጥ አቃተው፣ ዋጠ።

«ይሄን ነው መቶ ዓመት ስትበሉ የኖራችሁት?»

«ይሄኑ።»

«ስንሰድባችሁ ልክ ነበርን። እንዲያውም አንሷችኋል! ጨጓራ! ያያት ያባትህ ጨጓራ!»

የተረፈውን እኔው ግቢ ውስጥ ደፍቶ ወረደ። መስኮቱን ሲጠረቅመው ሰማሁ።

በዚህ ዓመት የሰማሁት ደህና ንግግር እሱ ብቻ ነው።

በሚቀጥለው እሁድ ጨዋታ የለም። እጥዳለሁ።