በአባትህ ስም የወረድኩበት ዋሻ

ሺራዝ፣ አዛር ወር

ለምወድህ ልጄ፣

ጤናህ እንዴት ነው? የሃምቡርግ ብርድስ እንዴት ይዞሃል? እኔ አልሐምዱሊላህ ደህና ነኝ። ደብዳቤውን የምታደርስልህ ጎረቤታችን ማህሩ ናት፤ ነገ ትበራለች። እሷ ፊት አትክፈተው፣ አፏ ወሬ አይቋጥርም።

ኢንተርኔቱ ተዘግቶ ስልኩም መልእክቱም ድራሹ ሲጠፋ፣ ስትሄድ ኮምፒውተሩ ላይ የተውካት የዋሻ ጨዋታ ብቻ ወደ አንተ ታሳልፈን ነበር። ያንን ጭለማ ጨዋታ አንድ ሰው ብቻውን ነው አሉ የሠራው፤ ዘጊዎቹም አላወቁት። ጀግናው ሲሞት ስሙ፣ የሞተበት ዋሻና የገደለው ነገር እዚህም እዚያም በሚታይ የሙታን ዝርዝር ይወጣል፤ በስሙ ቦታ የፈለግነውን እንጽፋለን። ችግሩ ሦስተኛው ዋሻ ሳይደርስ የሞተውን ዝርዝሩ አይቆጥረውም። አባትህ «ልጄን ሰላም ለማለት ከጭራቅ ጋር ልታገል?» ብሎ ሳቀ፤ ከዚያ ዘጠነኛው ድረስ ወረደ። «አባዬ ደህና ነው፣ ዘጠነኛ ዋሻ፣ ዘንዶ በላው» የሚለውን ስታይ፣ አንተም በስሙ ቦታ «አባዬ ጎበዝ» ብለህ ጽፈህ ሞትክለት።

ካለፈው ወር፣ ከአባን ወዲህ ግን አባዬ ሦስተኛው ላይ በአይጥ መሞት አበዛ። «አባዬ ምን ነካህ?» ብለህ ጠየቅህ፤ «መነጽሬ ተሰበረ» የሚል መልስ አገኘህ። ልጄ፣ እሱን የጻፍኩት እኔ ነኝ። አይጥ ማለፍ ያቃተኝም እኔ ነኝ። ጣቴ አይታዘዘኝም፤ ሦስተኛው ለመድረስ አንዳንዴ ሙሉ ቀን ይፈጅብኛል።

አደራው የእሱ ነበር። ሆስፒታል ተኝቶ እጄን ያዘና «የመኖሪያ ወረቀቱን ሳይዝ እንዳትነግሪው፤ እዚህ ከመጣ ተመልሶ እንዲወጣ አይለቁትም» አለኝ። ማልኩለት። ስንት ጊዜ እውነቱን በስሙ ቦታ ጽፌ አጠፋሁት። በእሱ ስም በየቀኑ መሞት ከበደኝ።

ትናንት «ወረቀቱ ወጣ» ብለህ ሰባተኛው ዋሻ ላይ ወደቅህ። ከዚያ ይህን ልጽፍ ተቀመጥኩ።

ሐሙስ የአባትህ አርባ ነው። ለነፍሱ ጣፋጩን ሃልዋ እሠራለሁ፤ የሳፍሮን ቅመሙን ይወደው ስለነበር አበዛዋለሁ። ተቆጣኝ፣ መብትህ ነው፤ ግን አትምጣ። ከእንግዲህ በዝርዝሩ የአባዬን ስም አትፈልግ። «እማዬ» የሚለውን ፈልግ፤ አይጧ ከፈቀደች አራተኛው ላይ ታገኘኛለህ።

አላህ እግርህን ከእንቅፋት፣ ልብህን ከብቸኝነት ይጠብቅልኝ።

እናትህ

መነጽሩ አልተሰበረም። ከደብዳቤው ጋር ለማህሩ ሰጥቻታለሁ።