ነጭ ለባሿ ሮማን

ማክሰኞ፣ ጥቅ. 11

የትርጉም ፊልሙን ክፍል ሰባት በድምፄ ቀዳሁ። ጉሮሮዬ ተልጧል። ደብተሬ፣ ቀኑን ሙሉ እንደ ሙት ማቃሰት ቀላል እንዳይመስልሽ።

ድሮ የሚተረጎመው የህንድ ፊልም ነበር፣ ከዚያ ቱርክ፣ ከዚያ ኮሪያ። ዘንድሮ ኢንዶኔዥያ ነው። የአምስት ኪሎው ስቱዲዮ ባለቤት ናቲ፣ የእነሱ ሙታን በአጫጭር ቪዲዮ አገሩን ወረሩት ይላል። እውነቱን ነው። ዛሬ ራስ መኮንን ድልድይ፣ ታክሲ ሰልፍ ላይ፣ ከፊቴ በቆመችው ልጅ ስልክ ውስጥ የራሴ ድምፅ ያለቅስ ነበር። መጀመሪያ ደስ አለኝ። ቀጥሎ ቀፈፈኝ።

ቋንቋቸውን አንዲት ቃል አላውቅም። ከታች የሚጻፈውን እንግሊዝኛ እያየሁ ነው የምተረጉመው፤ የሌለበትን ከራሴ እሞላለሁ። ናቲ የውጭ ስም አይያዝም፣ ሀበሻ ስም ስጫቸው ብሎኛል። ሞታ ከሙዝ ተክል ሥር የምትነሳዋን ነጭ ለባሽ ልጅ ሮማን አልኳት። ለምን እንደሆነ አትጠይቂኝ፤ አፌ ላይ የመጣ ነው።

ሐሙስ፣ ጥቅ. 13

ዋሸሁሽ። ሮማን እህቴ ናት። ቤይሩት ሄዳ ወሬዋ ከጠፋ ቆየ። ሞተች ያለን የለም፣ አለች ያለንም የለም። ስለዚህ ለቅሶ አልተቀመጥንም። በሕይወት ይኖር ይሆናል የሚባል ሰው ስም ለሙት መስጠት ሟርት መሆኑ ጠፍቶኝ ነው? ምላሴን በቆረጠው።

ይባስ ብሎ እማዬም ታያለች። ጎረቤታችን እትዬ ዘይነባ በስልኳ ከፍታላት ደረስኩ። ነጭ ለባሿ በሩን ክፈቱልኝ ስትል፣ እማዬ ተነስታ መቀርቀሪያውን አነሳች። ድምፁ የአንቺ መሆኑን አውቃለሁ፤ የምትጠራኝ ግን ሮማን ናት አለችኝ።

እሁድ፣ ጥቅ. 16

እማዬ ጠፍታ ዋለች። ያገኘኋት ዶሮ ማነቂያ፣ ቤታችን ሳይፈርስ በነበረበት ቦታ ነው። አሁን ሰፊ መንገድ፣ ሣርና መብራት ሆኗል። ዳሩ ላይ ቁጭ ብላለች። ሮማን የምታውቀው ይሄንን ቤት ነው፣ መጥታ ብታጣን ትመለሳለች አለች። አብሬያት ተቀመጥኩ። ከማዶ አንዲት ነጭ የለበሰች ሴት ስታልፍ ሁለታችንም እኩል ብድግ አልን። አፈርኩ።

ረቡዕ፣ ጥቅ. 19

የመጨረሻው ክፍል ደረሰኝ። ልጅቷ መሞቷን ራሷ ለእናቷ ትነግራለች። እናትየዋ ስታምን ልጅቷ ትሄዳለች።

አልቀዳም አልኩት ናቲን። ቢያንስ ስሟን እንቀይር ብዬ ለመንኩት። ሳቀብኝ፤ ተመልካቹ ሮማንን ለምዷል አለ። ኮምፒውተሩም ድምፅሽን ተምሮታል፣ አንቺ ባትኖሪ እሱ ይጨርሰዋል አለኝ። ጥዬው ወጣሁ። ይጨርስ። እኔ አላልኩም። እህቴን በገዛ አፌ አልገድልም።

ሐሙስ፣ ጥቅ. 20፣ ከጠዋቱ 1 ሰዓት

ናቲ በማሽኑ አስጨርሶ አውጥቶታል። እማዬ ቀድማኝ አየችው።

አልጮኸችም። ማን ነገረሽ? ብቻ አለችኝ። መርዶው ደርሶኝ፣ ፊት ለፊት መናገር ከብዶኝ፣ በቪዲዮ ያረዳኋት መስሏታል። መርዶ ተደብቆ እንደሚከርም እዚህ አገር ማን ያጣዋል። ማንም አልነገረኝም ብዬ ማልኩ። አላመነችኝም። ስልኩን አቀበለችኝ።

ሰማሁት። የኔ ድምፅ፣ ቁርጥ የኔ። መጨረሻው ላይ፣ እሙሻ፣ በቃ አትጠብቂኝ ይላል።

እማዬን እሙሻ የምትላት ሮማን ብቻ ነበረች። እኔ እማዬ እንጂ ሌላ ብያት አላውቅም። ለናቲ ደወልኩ። ጽሑፉን አነበበልኝ፤ እናቴ ነው የሚለው። እሙሻ የሚል የለበትም።

3 ሰዓት

የእድሩ ሰዎች መርዶውን ሰምተው የለቅሶ ድንኳን ሊተክሉ ብረቱን ከመኪና እያወረዱ ነው። እትዬ ዘይነባ ደጅ ላይ ታለቅሳለች። ወጥቼ ተዉ፣ ቪዲዮ ነው፣ ማሽን ነው ብል ይመለሳሉ። ጊዜ አለኝ።

እማዬ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ተቀምጣለች። ድንኳኑን ሳይተክሉት አንዴ እንደ ሮማን ጥሪኝ ብላ ለመነችኝ። እምቢ ማለት አልቻልኩም። እሙሻ አልኳት።

አቤት ልጄ አለች፤ እኔን አልፋ፣ ከኋላዬ ያለውን በር እያየች። ፈገግ አለች። ዞሬ ለማየት ፈራሁ።

አልወጣም። ይትከሉት። ለቅሶውን እቀመጣለሁ።