ስሟን ብትቀይሪውም

ናጂያ፣

ስልክሽ እምቢ ስላለኝ ነው የምጽፍልሽ። ደንበኛችንን ብርቅነሽን ላመጣት ወደ ዲምቱ እየሄድኩ ነው።

ከተማሪነታችን ጀምሮ በምናነበው ሳምንታዊ የሕግ መጽሔት ላይ ስለ ፍቺዋ የጻፍሽውን፣ ጠበቃ የሆነው የባሏ ወንድም አንብቦታል። ስሟን ብትቀይሪውም፣ ዲምቱ ውስጥ ልብስ የምትሰፋ የመንታ እናት እሷ ብቻ ናት። ትናንት ባሏና ወንድሙ በሯን ሰብረውባት ከልጆቿ ጋር ጎረቤት ተደብቃለች።

አመሻሽ ላይ እንደርሳለን። አልጋሽን ልቀቂላቸው፤ እኛ ሳሎን እንተኛለን። ሽሮ ሥሪ፣ ቃሪያ አታድርጊበት። ከእኔ በቀር ለማንም እንዳትከፍቺ።

ጠዋት ስለጮኽኩብሽ…
እሱን ሌላ ጊዜ።

«ጉዳዬን ማን አወጣብኝ?» እያለች በስልክ ስታለቅስ አንቺ መሆንሽን አልነገርኳትም።

ስንመጣ አንቺው ንገሪያት።

ኢትዮጵያ